ከድሬ ሆኖ የፊልም ቪኤፍኤክስ ባለሙያ ለመሆን፦ ከአንዲት የመብራት ሽቦ ጀምሩ

ባለፈው ሰሞን ከሳቢያን ወደ ከዚራ በባጃጅ ስሄድ አጠገቤ የተቀመጠ ልጅ ስራዬ ምን እንደሆነ ጠየቀኝ። ቪኤፍኤክስ፣ ማለትም በተቀረጸ ፊልም ላይ በኮምፒውተር ነገር መጨመርና ማጥፋት እንደሆነ ነገርኩት። ወዲያው ስልኩን አውጥቶ አንድ ህንጻ በፍንዳታ ሲፈርስ አሳየኝና «አቦ፣ ይሄን ለመስራት ስንት ጊዜ ይፈጃል?» አለ። ላስረዳው ጀመርኩ፤ ግን ከዚራ ቶሎ ደረሰብኝና ሳልጨርስ ወረድኩ። ይህ ጽሁፍ የዚያ ወሬ ቀሪው ነው።

ልነግረው የፈለግኩት ይሄ ነበር። የዚህ ሙያ እንጀራ ያለው ተመልካች ጭራሽ በማያየው ስራ ላይ ነው። የድሮ ዘመን ታሪክ ውስጥ የገባን የመብራት ሽቦ ማጥፋት። ተዋናዩ ደረት ላይ ብቅ ያለውን ማይክ መደበቅ። ጣሪያ ላይ የተደረደሩትን ዲሾች አንስቶ ሰማዩን መመለስ። ይሄን የሚችል ሰው ነገ ፍንዳታውንም ይማረዋል። ፍንዳታ ብቻ የተማረ ግን ሽቦዋን ስጠው፣ እጁ ይያዛል።

በሩን መምረጥ

በትልልቅ ስቱዲዮዎች አንድ ሾት፣ ማለትም ካሜራው ሳይቋረጥ የቀረጸው አንድ ቁራጭ፣ በብዙ እጅ ያልፋል። ካሜራው እንዴት እንደተንቀሳቀሰ በኮምፒውተር የሚያሰላ አለ፤ ስራው ማችሙቭ ይባላል። ሰውን ከኋላው ካለው ትዕይንት ፍሬም በፍሬም (ቪዲዮው የተሰራባቸው ምስሎች ላይ አንድ በአንድ) ቆርጦ የሚያወጣ የሮቶ ባለሙያ አለ። ገመድና ሽቦ የሚያጠፋ የፔይንት ሰው አለ። ሞዴል የሚሰራ፣ ቀለምና ገጽ የሚያለብስ፣ የሚያንቀሳቅስ፣ እሳትና ውሃ የሚፈጥር፣ ብርሃን የሚያበጅ አለ። መጨረሻ ላይ ሁሉንም ሰብስቦ አንድ ምስል የሚያደርገው ኮምፖዚተሩ ነው።

የኔ ምክር በሮቶና በፔይንት ገብታችሁ ወደ ኮምፖዚቲንግ እንድታድጉ ነው። አንደኛ፣ መካከለኛ ኮምፒውተር ይበቃል። ሁለተኛ፣ እዚሁ አገር ውስጥ ክሊፕና ማስታወቂያ የሚሰሩ ሰዎች ዛሬውኑ የሚፈልጉት ይሄንኑ ነው። ሶስተኛው ለኔ ዋናው ነው፤ አይናችሁን ያሰለጥነዋል። አንድን ሰው 125 ፍሬም ሙሉ በእጁ የቆረጠ ሰው ልብስ እንዴት እንደሚወዛወዝ፣ ጸጉር ዳር ላይ ብርሃን እንዴት እንደሚያልፍ፣ የሚሮጥ እግር እንዴት እንደሚደበዝዝ ማንም ሳያስተምረው ያውቃል። እሳትና ጎርፍ የሚሰራበትን ሁዲኒ የተባለ ፕሮግራም ቆይታችሁ ትደርሱበታላችሁ። ነጻው የአፕረንቲስ ቅጂ አለ፤ ምስሉ ላይ ምልክት ያትማል እንጂ ለመማር ምንም አይጎድለውም።

ኮምፒውተር፣ ሙቀት፣ መብራት

ራሙ ከ16 ጊጋ ካነሰ አትግዙ። 32 ከተገኘ እሰየው። ግራፊክስ ካርዱ የኤንቪዲያ ይሁን፣ የራሱ ሜሞሪም ቢያንስ 6 ጊጋ ይኑረው። ዲስኩ ኤስኤስዲ ይሁን። ያገለገለ ከሆነ፣ ታይዋን ገበያም ግዙት ሌላ ቦታ፣ ብሌንደር የተባለውን የ3ዲ ፕሮግራም በፍላሽ ይዛችሁ ሂዱና እዚያው ሻጩ ፊት ግማሽ ሰዓት ሬንደር አስደርጉት፤ ማለትም የመጨረሻውን ምስል አስልቶ ያውጣ። የታመመ ማሽን በግማሽ ሰዓት ውስጥ ራሱን ያጋልጣል፤ ወይ ይዘጋል፣ ወይ ምስሉ ቀጥ ብሎ ይቆማል፣ ወይ ማራገቢያው እንደ ወፍጮ ይጮሃል።

ድሬ ላይ ላፕቶፕ ከመግዛት ዴስክቶፕ ይሻላል እላለሁ። ሙቀቱን ታውቁታላችሁ። ኮምፒውተር ሲግል ራሱን ለማዳን ፍጥነቱን ይቀንሳል፤ ስለዚህ ሌሊት ሁለት ደቂቃ የሚፈጅ ፍሬም በቀትር ሶስትና አራት ደቂቃ ሊፈጅ ይችላል። እኔ ማሰብ የሚጠይቅ ስራ ጠዋት እሰራለሁ፣ ሬንደሩን ለሌሊት እተዋለሁ። ከሰዓት ሰፈሩ በርጫ ላይ ሲሆን ኮምፒውተሬም እኔም እናርፋለን። የሐረር ልጆች በዚህ እድለኞች ናችሁ፤ ከተማችሁ ከኛ በብዙ መቶ ሜትር ከፍ ትላለች፣ አየሩ ራሱ ማቀዝቀዣ ነው። አቧራው ግን ሁላችንም ዘንድ አለ። ሳጥኑን በየወሩ ከፍታችሁ ማራገቢያውን በለስላሳ ብሩሽ አጽዱ።

አሁን መብራት። ስጀምር አንድ የክሊፕ ሾት ሬንደር አድርጌ፣ አራት ሰዓት ሙሉ ጠብቄ፣ ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው መብራት ሄደ። ሬንደሩን በቀጥታ ወደ ቪዲዮ ፋይል ነበር የማወጣው። ፋይሉ ተበላሸና የአራት ሰዓት ስራ ዜሮ ሆነ። በንጋታው ለደንበኛው ስደውል የተሰማኝን ሀፍረት እስካሁን አልረሳውም። ከዚያ ወዲህ በቀጥታ ወደ ቪዲዮ አውጥቼ አላውቅም። እናንተም አታውጡ። እያንዳንዱ ፍሬም ለብቻው ምስል ሆኖ ይቀመጥ። ብሌንደር ላይ የውጤት ማስቀመጫው ጋ «ኦቨርራይት» የሚለውን ምልክት አንሱ። እንዲህ ካደረጋችሁ መብራት 80ኛው ፍሬም ላይ ቢሄድ፣ ሲመለስ ፕሮግራሙ የተሰሩትን ዘልሎ ይቀጥላል። መቋረጡ ላይ የነበረችውን አንድ ፍሬም ብቻ ተበላሽታ እንደሆነ አይታችሁ አጥፏት። ቪዲዮውን መጨረሻ ላይ ከምስሎቹ ትገጣጥማላችሁ። ትንሽ ዩፒኤስም (መብራት ሲሄድ ኮምፒውተሩን ለጊዜው የሚያቆይ ባትሪ) ግዙ፤ ስራ አስቀምጦ ለመዝጋት አምስት ደቂቃ ካገኛችሁ በቂ ነው።

ፕሮግራሞቹ

እዚህ ላይ ብዙ አትጨነቁ። ብሌንደር ሙሉ በሙሉ ነጻ ነው፤ ከፈረንጆች 2002 ጀምሮ ኮዱ ራሱ ክፍት ነው። በፈረንጆች 2025 የአኒሜሽን ኦስካር የወሰደው የላትቪያ ፊልም በዚሁ ፕሮግራም ነው የተሰራው። ዳቪንቺ ሪዞልቭ ነጻ ቅጂ አለው፣ ውስጡ ያለው ፊውዥን ደግሞ ሙሉ የኮምፖዚቲንግ መሳሪያ ነው። የፊልም ስቱዲዮዎች በብዛት የሚጠቀሙት ኑክን ነው። ለገንዘብ ስራ የማይፈቀድ፣ ምስሉን ከ1920 በ1080 በላይ የማያወጣ ነጻ ቅጂ ስላለው ለመማሪያ ይሆናል። ስራችሁን በፊውዥን ጀምሩ፤ በኖድ፣ ማለትም እያንዳንዱን የስራ እርምጃ እንደ ሳጥን በመስመር እያገናኙ ማሰብን ከለመዳችሁ ወደ ኑክ መሻገር ቀላል ነው። ማውረዱን የኢንተርኔት ዋጋ በሚቀንስበት የሌሊት ጥቅል አድርጉት፣ ከዚያ በፍላሽ ተካፈሉ።

የራሳችሁን ምስል ቅረጹ

ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ከኢንተርኔት ያገኘውን የሌላ አገር ቪዲዮ አውርዶ ይለማመድበታል። የራሳችሁን ቅረጹ። ሌንሱን፣ ሰዓቱን፣ የጸሐይዋን አቅጣጫ፣ የግድግዳውን ቁመት የምታውቁት እናንተው ስትሆኑ ነው ትምህርቱ የሚገባው።

ስልክ ይበቃል፤ ሁሉን ነገር በእጅ ማስተካከል የሚያስችል የካሜራ አፕ ብቻ ጫኑበት። 25 ፍሬም በሰከንድ አድርጉ። ሸተሩን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ላይ አድርጉና ብርሃኑን፣ ቀለሙንና ፎከሱን ቆልፉ። አንዱ በራሱ ከተቀየረ፣ ኋላ ስቃዩ የእናንተ ነው። የስልኩን ማረጋጊያም አጥፉ፤ ምስሉን በየፍሬሙ ስለሚጎትተው የካሜራውን እንቅስቃሴ ለማስላት ያስቸግራል። ስልኩን በፍጥነት አታዙሩ፤ ቀጥ ያለ ምሰሶ እንደ ጎማ ይጣመማል።

የድሬ ጸሐይ ላይ 1/50 ስታደርጉ ምስሉ ነጭ በነጭ ይሆናል። ሸተሩን ብታፈጥኑት ብርሃኑ ይስተካከላል፣ ግን የሚንቀሳቀስ ነገር ሁሉ ቅርጹ ደርቆ የእንቅስቃሴ ድብዘዛው ይጠፋል። መፍትሄው ሁለት ነው። ወይ ብርሃን የሚቀንስ ኤንዲ ፊልተር ስልኩ ላይ ትገጥማላችሁ፣ ወይ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ ትወጣላችሁ። እኔ ሁለተኛውን እመርጣለሁ፤ በዚያ ሰዓት ጥላው ረጅምና ግልጽ ስለሆነ አቅጣጫውን ለማንበብ ይመቻል።

ከቀረጻችሁ በኋላ ቦታውን ሳትለቁ ሶስት ነገር አድርጉ። አንድ የፕላስቲክ ኳስ የማያብረቀርቅ ግራጫ ቀለም ቀብታችሁ ያዙና ተዋናዩ የነበረበት ቦታ ላይ አድርጋችሁ ቅረጹት። ብርሃኑ ከየት እንደመጣና ጥላው ምን ያህል እንደጠቆረ ኳሱ ይነግራችኋል። የሚያብረቀርቅ የብረት ጭልፋም ጀርባውን አዙራችሁ በዚያው ቦታ ቅረጹ፤ በዙሪያችሁ ያለው ሁሉ እዚያ ውስጥ ይታያል። በሜትርም ለኩ፤ ካሜራው ከመሬት ስንት ነው፣ ከግድግዳው ስንት ይርቃል። ደብተር ላይ ጻፉት።

አንድ ነገር አደራ፤ ሰው ስትቀርጹ ጠይቁ። ድልድይ፣ ኤርፖርትና የመንግስት ተቋም አካባቢ ደግሞ ያለፈቃድ ካሜራ አታውጡ።

የመጀመሪያው ሾት፦ ሽቦዋ

ሐረር ሂዱ፤ ከድሬ አንድ ሰዓት አካባቢ ነው። ሸዋ በር ፊት ለፊት ቁሙ። በሩ፣ የጁገል ግንብ፣ ከላይ ሽቦ፣ ከፊት ሰውና ባጃጅ ያልፋል። ስልኩን በእጃችሁ ይዛችሁ ቀስ ብላችሁ ወደ ጎን እየተንቀሳቀሳችሁ አምስት ሰከንድ ቅረጹ። 125 ፍሬም ነው። ስራችሁ ሽቦዋን ማጥፋት ነው፣ ሌላ ምንም።

መጀመሪያ ቪዲዮውን አስር ጊዜ ያህል ተመልከቱት። ሽቦዋ የምታልፍባቸውን ነገሮች ቁጠሩ፤ ሰማይ ላይ ታልፋለች፣ የግንቡ ጫፍ ላይ ታልፋለች፣ ምናልባት አንዲት አላፊ ሴት የተሸከመችው እቃ ኋላ ትደበቃለች። ሶስቱ ሶስት የተለያየ ስራ ናቸው፤ በአንድ ብሩሽ ሁሉንም ለመጥረግ አትሞክሩ።

ግንቡን እንውሰድ። ግንቡ በደንብ የሚታይበት፣ ማንም ከፊቱ ያልቆመበት አንድ ፍሬም ምረጡና አቁሙት። እዚያ አንድ ምስል ላይ ብቻ ሽቦዋን በክሎን ብሩሽ አጥፉ፤ ከጎኗ ካለው የግንብ ክፍል እየቀዳችሁ ነው የምትሸፍኗት። ቀጥሎ ግንቡን ትራክ አድርጉ፣ ማለትም እንቅስቃሴውን ፕሮግራሙ በየፍሬሙ ይከተል፤ ጠፍጣፋ ገጽ ስለሆነ ጠፍጣፋ ነገር የሚከተለው ፕላናር ትራከር በደንብ ይይዘዋል። ያጸዳችሁትን ምስል ከትራኩ ጋር እሰሩት፤ አሁን ከግንቡ ጋር አብሮ ይሄዳል። ሙሉውን ግን አትጠቀሙ። ሽቦዋ ያለችበትን ጠባብ መስመር ብቻ በሮቶ ቆርጣችሁ፣ ዳሩን ትንሽ አለስልሳችሁ ጫኑት። የቀረው ኦሪጅናሉ ይሁን። የነካችሁት ቦታ ባነሰ ቁጥር የሚያሳብቅባችሁም ያንሳል።

ሰማዩ ይቀላል፣ ግን ተንኮለኛ ነው። ለአይን አንድ ቀለም ይመስላል፣ ከላይ ወደ ታች ግን ቀስ እያለ ይቀየራል፤ ከሌላ ቦታ የተቀዳ ቁራጭ ወዲያው እንደ ልጣፊ ጨርቅ ይታያል። ከሽቦዋ ልክ በላይና ልክ በታች ካለው ቀለም እያቀላቀላችሁ ሙሉት።

ከዚያ የሚያልፉት ሰዎች፤ የለጠፋችሁት ቁራጭ እንዳይሸፍናቸው ቆርጣችሁ ከላዩ ትመልሷቸዋላችሁ። እዚህ ነው ሮቶ እውነተኛ ስራ የሚሆነው። ሰውን እንደ አንድ ቅርጽ አትቁረጡት። ጭንቅላት ለብቻ፣ ትከሻ ለብቻ፣ ክንድ ለብቻ፣ የነጠላው ጫፍ ለብቻ። መጀመሪያ እንቅስቃሴው የሚለወጥባቸው ፍሬሞች ላይ፣ እግር መሬት ሲነካና ሲነሳ፣ ቅርጹን አስተካክሉ፤ ከዚያ በመሃላቸው ያለውን ሙሉ። ፍሬም በፍሬም ከአንድ እስከ 125 ከሄዳችሁ መስመሩ ይንቀጠቀጣል።

መጨረሻ ላይ ግሬይን። የስልክ ካሜራ ምስል ላይ ሁልጊዜ የሚንቀሳቀስ ደቃቅ ነጠብጣብ አለ። ያቆማችሁት ፍሬም ላይ ያለው ነጠብጣብ ግን የቆመ ነው። ስለዚህ የሸፈናችሁት ቦታ እንደ ሞተ ቆዳ ይታያል። መጀመሪያ ከቁራጩ ላይ ነጠብጣቡን አጥፉ፣ ከዚያ ከኦሪጅናሉ ጋር የሚመሳሰል የሚንቀሳቀስ ግሬይን ጨምሩበት። ጀማሪና ባለሙያ የሚለየው ብዙ ጊዜ እዚህች ላይ ነው።

ይሄ ሾት ለመጀመሪያ ጊዜ ሳምንት ይፈጅባችኋል። ይፍጅ። አስር ትምህርት ጀምሮ ከመተው አንድ ሾት ጨርሶ ማውጣት ይበልጣል።

ሁለተኛው ሾት፦ ባቡር ለገሃሬ ላይ

አሁን ማጥፋት ሳይሆን መጨመር። ብዙ ልጆች ደቻቱ ላይ ጎርፍ ልስራ ይላሉ፤ አሸዋው ባዶ ሆኖ ሲያዩት ሀሳቡ ይመጣባቸዋል። እኔ አልመክርም። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ያ ወንዝ ከ200 በላይ ሰው ወስዷል፤ ቤተሰቦቻቸው እዚሁ ከኛ ጋር ናቸው። ባቡር ስሩ። ድሬ የተወለደችው ባቡሩ በፈረንጆች 1902 ሲደርስ ነው፤ የድሮው ጣቢያ አካባቢ ባቡር መመለስ ለማንም አያሳዝንም፣ ሽማግሌዎቻችንንም ደስ ያሰኛል። ጣቢያው ግቢ ውስጥ ለመቅረጽ ግን ጥበቃዎቹን አስፈቅዱ።

ቪዲዮውን ብሌንደር ውስጥ አስገቡና የካሜራውን እንቅስቃሴ አስሉ። ፕሮግራሙ የሚከተለው ቢያንስ ስምንት ነጥብ ያስፈልጋል፤ እኔ ሃያና ሰላሳ እይዛለሁ፣ ቅርብም ሩቅም ያሉትን። የድንጋይ ማዕዘን፣ የመስኮት ጥግ ጥሩ ነው። የዛፍ ቅጠልና የሰው ልብስ ይንቀሳቀሳልና ተውት። ፕሮግራሙ አስልቶ ሲጨርስ የሚያሳየው የስህተት ቁጥር ከ1 ፒክስል በታች፣ ቢቻል ከ0.5 በታች ይሁን። በደብተራችሁ የለካችሁት ቁመት አሁን ይጠቅማል፤ ባቡሩ የአሻንጉሊት እንዳይመስል መጠኑን የምታስተካክሉት በሱ ነው።

ብርሃኑን ከግራጫው ኳስ ጋር አስተያዩ። ያንኑ የመሰለ ኳስ ብሌንደር ውስጥ አስቀምጡና ጥላውና ድምቀቱ ከእውነተኛው ጋር እስኪገጥም ጸሐይዋን አዙሩ። ፖሊ ሄቨን ከተባለው ድረ ገጽ ነጻ የኤችዲአርአይ ሰማይ (የአካባቢውን ብርሃን የያዘ የዙሪያ ምስል) አውርዳችሁ መነሻ ማድረግ ትችላላችሁ። ባቡሩ መሬት ላይ ጥላ ካላሳረፈ ተንሳፋፊ ነው፤ መሬቱን «ሻዶው ካቸር» አድርጉት፤ ራሱ ሳይታይ ጥላውን ብቻ ይይዛል። ሬንደሩን የብርሃኑን ዝርዝር ሳይቀንስ በሚይዘው የምስል ፋይል፣ በኢኤክስአር አውጡ። የቀረጻችሁትን ቪዲዮ እዚያው ብሌንደር ውስጥ አብራችሁ የምታወጡ ከሆነ ደግሞ የቀለም ማሳያውን ወደ «ስታንዳርድ» ቀይሩ፤ ካልቀየራችሁ ቪዲዮው ገርጥቶ ይወጣል። ይሄን ሳላውቅ ሁለት ወር ተሰቃይቻለሁ።

125 ፍሬም በሁለት ደቂቃ ሲባዛ 250 ደቂቃ ነው፣ አራት ሰዓት ከምናምን። አንድ ሌሊት ይበቃል።

ኮምፖዚቲንጉ ላይ የምታዩት ነገር ጥቁሩ ነው። የባቡሩ ጥላ ከቪዲዮው ጥቁር በላይ ከጠቆረ ውሸቱ ተነቃ። ድሬ ላይ አየሩ አቧራ ስለሚይዝ ራቅ ያለ ነገር ሁሉ ይነጣል፤ ባቡሩም በርቀቱ ልክ ይንጣ። ምስሉን በጣም አድምቃችሁ እዩት፣ ከዚያ በጣም አጨልማችሁ፣ ከዚያ ቀኝና ግራውን ገልብጣችሁ። በተለመደው እይታ የተደበቀ ስህተት ያን ጊዜ ይወጣል። ከዚያ ምንም ሳትነግሩት ለእናታችሁ ወይም ለጎረቤት አሳዩት። «ባቡሩ ጥሩ ነው» ካሉ ገና ነው። «ይሄ መቼ የተቀረጸ ነው?» ካሉ ደርሳችኋል።

ማሳያ ሪል

ሪል ስራዎቻችሁን የምታሳዩበት አጭር ቪዲዮ ነው፤ አንድ ደቂቃ ይበቃል። ምርጡ ሾት መጀመሪያ ይምጣ፤ የሚቀጥር ሰው አስር ሰከንድ አይቶ ነው የሚወስነው። እያንዳንዱን ሾት በመጀመሪያ ተጠናቅቆ፣ ከዚያ ጥሬውን፣ ከዚያ ደረጃ በደረጃ አሳዩ። በቡድን ከሰራችሁ «ሮቶውና ኮምፖዚቲንጉ የኔ ነው» ብላችሁ በግልጽ ጻፉ። የሌላ ሰው ስራ ማስገባት በዚህ ሙያ ውስጥ ስም የሚያጠፋ ነገር ነው። ደካማ ሾት ጨምሮ ከማርዘም አራት ሾት ብቻ ይኑራችሁ።

ስራና ገንዘብ

መጀመሪያ እዚሁ ፈልጉ። ድሬና ሐረር በአማርኛ፣ በኦሮምኛ፣ በሶማሊኛ፣ በሐረሪ ክሊፕ የሚሰራባቸው ከተሞች ናቸው። የሰርግ ቪዲዮ የሚሰሩ ሰዎችም አሉ። ሄዳችሁ «ቪኤፍኤክስ እሰራለሁ» አትበሏቸው፤ ከክሊፓቸው ላይ አንድ የሚያስጠላ ሽቦ ወይም ፖስተር አጥፍታችሁ በፊትና በኋላውን አሳዩአቸው። ቀጥሎ አዲስ አበባ ያሉ የማስታወቂያ ስራዎች አሉ፣ ፋይል በኢንተርኔት መላክ ይቻላል።

ዋጋ በሾት ተነጋገሩ። ጥሬውን ሳታዩ ዋጋ አትናገሩ። ስንት ቀን እንደሚፈጅ አስቡ፣ የቀን ሂሳባችሁን አባዙ፣ ለማስተካከያ አንድ ቀን ጨምሩ። ግማሹን በቅድሚያ ተቀበሉ። ማስተካከያ ሁለት ዙር ብቻ እንደሆነ በጽሁፍ፣ በቴሌግራምም ቢሆን፣ አስፍሩ። አንድ ጊዜ አንድ ደንበኛ አስራ አንድ ጊዜ አስቀይሮኝ መጨረሻ ላይ ስልክ ማንሳት አቆመ። ጽሁፍ አልነበረኝም። ገንዘቡን እስካልጨረሱ ድረስ የሙከራ ቅጂ በዝቅተኛ ጥራት ላኩ።

የውጭውን ደግሞ እውነቱን ልንገራችሁ። ትልልቆቹ የሆሊውድ ስራዎች የሚሰጡት የመረጃ ደህንነት ምርመራ ለሚያልፉ ድርጅቶች ነው። ከቤታችሁ ሆናችሁ በቀጥታ ያንን ማግኘት በጣም ከባድ ነው። የሚቻለው አነስተኛ ፊልሞች፣ ማስታወቂያዎች፣ ዘጋቢ ፊልሞች ናቸው። ስራው ራሱም አስተማማኝ አይደለም። ሪዝም ኤንድ ሂውዝ የተባለው የአሜሪካ ስቱዲዮ በየካቲት 2005 በኛ አቆጣጠር ኪሳራ አወጀ፤ ስራው ኦስካር የወሰደው ከዚያ በኋላ በቀናት ውስጥ ነው። በፈረንጆች 2025 መጀመሪያ ላይ ደግሞ ኤምፒሲ የተባለውን የቪኤፍኤክስ ስቱዲዮ የያዘው ቴክኒከለር ወደቀ፤ በብዙ አገር የነበሩ ሰራተኞች በድንገት ስራ ፈቱ። ይሄን የምለው ላስፈራራ አይደለም። ሙሉ ኑሯችሁን በአንድ ደንበኛ ላይ እንዳትጥሉ ነው።

ከውጭ ደንበኛ ጋር ስትሰሩ ክፍያው በምን በኩል እንደሚመጣ ከስራው በፊት ከባንካችሁ ጋር ተነጋገሩ። የቀጠሮውን ሰዓትም በፈረንጅ አቆጣጠር ጻፉላቸው፤ «በሁለት ሰዓት» ብላችሁ ጠዋት ሁለት ለማለት ከሆነ ስብሰባው ያመልጣችኋል። አስተያየት ሲልኩ ፍሬም ቁጥር ጠቅሰው ነው፣ እናንተም ስትመልሱ ቁጥር ጥቀሱ፦ «ከ43 እስከ 60 ያለው የትከሻ ዳር ተስተካክሏል» አይነት።

ስራ ሲያልቅ ጥሬውን፣ የፕሮጀክት ፋይሉንና የመጨረሻውን ሁለት የተለያየ ዲስክ ላይ አስቀምጡ፣ አንዱ ሌላ ቤት ይሁን። በየስድስት ወሩ ሪሉን ክፈቱና ከሁሉም ደካማ የሆነውን ሾት አውጥታችሁ በአዲስ ተኩ። የኔ የሸዋ በር ሽቦ ከሪሌ የወጣው በሶስተኛው አመት ነው፤ ዲስኩ ላይ ግን እስካሁን አለ።